ክረምቱ ሲወጣ ጽጌረዳን መግረዝ

ሽምብጥ ሰፈር ባለው ግቢዬ ስድስት እግር ጽጌረዳ አለኝ። ባሕር ዳር ቅጠል የሚያራግፍ ብርድ ስለሌለ ተክሉ ራሱ አያርፍም፤ የምናሳርፈው እኛ ነን፣ በመቀስ። እኔ የምገርዘው መስቀል አልፎ ዝናቡ ሲያባራ፣ ጥቅምት መግቢያ ላይ ነው። አንድ ዓመት ቸኩዬ በሐምሌ ቆረጥሁና ሁለት ቅርንጫፍ እስከ ግንዱ ጠቆረብኝ፤ ዛሬም ይቆጨኛል።

መቀሱን ሳሉት፤ ከአንዱ እግር ወደ ሌላው ስትሻገሩም በአልኮል ጥረጉት። መጀመሪያ የደረቀውንና የታመመውን፣ ቀጥሎ እርስ በርሱ የሚፋተገውን አውጡ። ከዚያ ወደ ውጭ ከሚያይ ዐይን (አዲስ ቅርንጫፍ ከሚያቆጠቁጥበት ነጥብ) ግማሽ ሴንቲ ሜትር ከፍ ብላችሁ፣ ውኃ እንዳያቁር ሰያፍ አድርጋችሁ ቁረጡ። ወደ ውጭ የሚያየው ዐይን የሚመረጠው መካከሉ ተከፍቶ ነፋስ እንዲገባበት ነው። በሐይቁ ዳር እርጥበት፣ ቅጠሉን በጥቁር ነጠብጣብ የሚያበላሸው ሻጋታ የታፈነ ቁጥቋጦ ይወዳል። ከቁመቱ ከሲሶ በላይ አትቀንሱ።

የረገፈውን ቅጠል ጠርጋችሁ ከግቢ አውጡ፤ በሽታው እዚያው ይከርማልና። ብስባሹን ከግንዱ አንድ ስንዝር አርቃችሁ አልብሱ። ውኃ በማለዳ፣ ከሥሩ ብቻ። ከስድስት እስከ ስምንት ሳምንት ውስጥ፣ ኅዳር ሳያልቅ፣ አዲሱ አበባ ይፈካል።