ጊዜን የሚደግም ተክል ለፈጠራ ድርሰት ዓለማችሁ እንዴት ትሠራላችሁ

መጀመሪያ ከእውነተኛው ሳይንስ ተነሱ፤ በ1729 እ.ኤ.አ. ደ ሜራን የሚባል ፈረንሳዊ ሚሞዛ የምትባል ተክልን ጨለማ ውስጥ አስቀምጦ ፀሐይ ሳታይም በሰዓቷ ቅጠሏን ስትዘረጋና ስታጥፍ አየ፣ ማለትም ተክል ውስጡ ሰዓት አለው። በናንተ ዓለም ይሄ ሰዓት በዙሪያው ያለውን ጊዜም ወደኋላ ይመልስ። ከዛ ህጉን ወስኑ፦ ምን ያስነሳዋል፣ ምንስ አይመለስም? እኔ በጣም የምወደው ዘሩ ብቻ ትዝታ ሲይዝ ነው፣ ተክሉ ተመልሶ ችግኝ ቢሆንም ዘሩ ያለፈውን ዙር ድርቅ ስለሚያውቅ በሚቀጥለው ስሩን ቀድሞ ወደ ጥልቅ ይልካል፣ ታሪኩ ያለው እዛ ጋ ነው። እንሰት አንዴ አብቦ ነው የሚሞተው፣ እናንተም የዙሩን መጨረሻ በአበባ አሳዩ። ዋጋ ግን ይኑረው፤ በየዙሩ አፈሩ ይሟጠጥ፣ ተክሉን የሚያለማው ገበሬም ከትዝታው አንድ ቀን ይጉደልበት።