በኦፕቶሜትሪስት ዓይንን አስመርምሮ ትክክለኛ መነፅር እንዴት ማግኘት ይቻላል

በቱሉ ዲምቱ፣ በኮዬ ፈጬ ወይም በለገጣፎ የሚኖር ሰው ማየት ሲያስቸግረው «በኮምፒውተር የዓይን ምርመራ እናደርጋለን» የሚል ማስታወቂያ ያለበት መነፅር ቤት ጎራ ማለት ይቀናዋል። ቦታው ቅርብ መሆኑ መልካም ነው፤ ዋናው ጥያቄ ግን የሚመረምረው ማን ነው የሚለው ነው።

በመጀመሪያ የመርማሪውን ሙያ ይጠይቁ። ኦፕቶሜትሪስት እንደ ጎንደር ዩኒቨርሲቲ ባሉ ተቋማት የብርሃንን ጠባይ፣ የዓይንን አሠራርና በሽታዎቹን በዲግሪ ደረጃ ተምሮ፣ ሕሙማንን እየመረመረም ተለማምዶ የሚመረቅ ባለሙያ ነው። የዓይን ስፔሻሊስት ሐኪም ግን አስቀድሞ በሕክምና ዶክተርነት የተመረቀና እንደ ሞራ ያሉ ሕመሞችን በቀዶ ሕክምና የሚያክም ነው። ሌንስ ቆርጦ ፍሬም ላይ የሚገጥመው ሠራተኛ ከሁለቱም ይለያል። የሙያ ፈቃድ እንዲያሳዩዎ መጠየቅ ነውር አይደለም።

ዓይንዎ በድንገት ከደበዘዘ፣ ወይም ቀልቶ በብርቱ ካመመዎ፣ መነፅር ቤቱን ትተው እንደ ዳግማዊ ምኒልክ ሆስፒታል ወዳለ የዓይን ክፍል ያለው ተቋም ይሂዱ።

ለምርመራ ሲሄዱ የቀድሞ መነፅርዎን ይያዙ፤ የስኳር ሕመም ካለብዎ ወይም ከቤተሰብዎ ግላኮማ (የዓይንን ነርቭ የሚጎዳ ሕመም) ያለበት ሰው ካለ ይናገሩ። ባለሙያው አብዛኛውን ጊዜ 6 ሜትር ርቀት ላይ ያሉ ፊደላትን በእያንዳንዱ ዓይን ለየብቻ ያስነብብዎታል። በጠባብ ቀዳዳ ሲያዩ ፊደሉ ከጠራልዎ ችግሩ በመነፅር የሚስተካከል ሊሆን ይችላል፤ ካልጠራ ሌላ ምክንያት ይፈለጋል። ኮምፒውተሩ የሚያወጣው ቁጥር መነሻ ብቻ ስለሆነ፣ ባለሙያው ሌንሶችን እየቀያየረ «ይሄ ይሻላል ወይስ ያኛው?» ማለቱ የግድ ነው። ልዩነት ካልታየዎ «አንድ ነው» ይበሉ፤ እሱን ለማስደሰት ተብሎ የሚሰጥ መልስ የተሳሳተ መነፅር ያሠራል። የሕፃናት ዓይን አጥብቆ የማተኮር ኃይል ስላለው ውጤቱን ሊያዛባ ይችላል፤ ስለዚህ ይህን ኃይል ለጊዜው የሚያላላ የዓይን ጠብታ ይደረግላቸዋል። ጠብታው ለሰዓታት ብርሃን እንዲያስቸግራቸው፣ ቅርብ ያለውም እንዲደበዝዝባቸው ስለሚያደርግ ልጅዎን ከምርመራው በኋላ ወደ ትምህርት ቤት አይላኩት።

በመጨረሻ ማዘዣውን በጽሑፍ ይቀበሉ። የመቀነስ ምልክት (−) ያለው ሩቅ ለማየት ለሚቸገር፣ የመደመር ምልክት (+) ያለው ደግሞ በተለይ ከ40 ዓመት በኋላ ቅርብ ለማንበብ ለሚቸገር የሚታዘዝ ሌንስ ነው። በሁለቱ ብሌኖች መካከል ያለው ርቀትም በሚሊሜትር ይጻፍልዎ፤ የሌንሱ ቁጥር ከፍ ሲል የዚህ ልኬት ስሕተት ራስ ምታት ያስከትላል። መነፅሩን ሲረከቡ እዚያው ያንብቡበት፤ ከጥቂት ቀናት በኋላም ካልተስማማዎ ማዘዣውን ይዘው ወደ መረመረዎ ባለሙያ ይመለሱ።