ራሞናን ከልጅ ጋር ማንበብ

የአሜሪካዊቷን የልጆች መጻሕፍት ደራሲ የቤቨርሊ ክሊሪን የራሞና መጻሕፍት ለልጅ ልታነቡ ካሰባችሁ፣ አስቀድማችሁ የየመጽሐፉን የኅትመት ዓመት ወረቀት ላይ ጻፉ። ስምንቱ የወጡት ከ1955 እስከ 1999 እ.ኤ.አ. ነው። በእነዚህ 44 ዓመታት የአሜሪካዋ ፖርትላንድ ከተማ ልጅ ራሞና ከአራት ዓመቷ ተነሥታ ገና አሥር መሙላቷ ነው። ልጄ ይህን ስትሰማ «ታዲያ እናቷ አላረጀችም?» አለችኝ። እንዲህ ያለ ጥያቄ ከመጣ አትቸኩሉ፣ እዚያው ቆዩ።

ጊዜ ካጠራችሁ የመጀመሪያውን ዝለሉና ራሞና መዋዕለ ሕፃናት ከምትገባበት ከ1968ቱ ጀምሩ። ሰፊውን ጊዜ ለ1977ቱ አቆዩት። አባት ሥራውን ያጣል፣ እናት ሙሉ ቀን መሥራት ትጀምራለች፣ ራሞና ደግሞ አባቷን ሲጋራ ለማስተው ዘመቻ ትከፍታለች። ስታነቡት ድምፃችሁን አታሳዝኑት፤ ክሊሪ ችግሩን በቀልድ ነው የያዘችው።

በ1979ኙ ውስጥ ደግሞ የኤሌክትሪክ ድስቱን ሶኬት ላይ የሰካው ሰው የለም። እራቱ ጥሬውን ይገኛል፣ ወላጆች ይጣላሉ። እዚህ ጋ መጽሐፉን አጠፍ አድርጋችሁ «መሰካት የነበረበት ማን ነው?» ብላችሁ ጠይቁ። የእኔዋ ሳታመነታ እናትየዋን ከሰሰች! ሁለቱም ሥራ ውለው መግባታቸውን ሳስታውሳት ግን ክሱን ለሁለት አካፈለችው።

የ1999ኙ በእኔ ዓይን ከሁሉም ደካማው ነው፤ መጨረሻ ላይ ይምጣ። በአንድ ምሽት አንድ ምዕራፍ ይበቃል። አብዛኞቹ ለብቻቸው የሚቆሙ ታሪኮች ስለሆኑ ልጁ መሐል ላይ እንቅልፍ ቢወስደው ብዙም አያመልጠውም።