ለፈጠራ ዓለማችሁ ካሌንደር ስትሠሩ ከእነዚህ ስህተቶች ተጠንቀቁ

የደብረ ብርሃን ክረምት ከቤት አያስወጣም። አንዱን ክረምት ብርድ ልብስ ተከናንቤ ለልቦለዴ ዓለም ፈጠርኩ። ሁለት ጨረቃ አለው። ዓመቱ 400 ቀን፣ ወሩ 20፣ እያንዳንዱ ወር 20 ቀን፣ ሳምንቱ 5 ቀን። ካሌንደሩ በጣም ያምር ነበር። ጣጣውም የመጣው ከማማሩ ነው።

የመጀመሪያው ስህተቴ ሁሉንም ድፍን ቁጥር ማድረጌ ነው። ሰማይ እንዲህ ልክክ አይልም። የእኛ አቆጣጠር ለ12 ወር እኩል 30 ቀን አድሎ 5 ቀን ይተርፈዋል። በዘመነ ሉቃስ መጨረሻ ደግሞ 6 ይሆናል። ያቺ ትርፍራፊ ጳጉሜን ናት። ጳጉሜን 3 ሩፋኤል ሲዘንብ ልጅ ሁሉ ጠበል ነው ብሎ ዝናቡ ውስጥ ይገባል። በእኔ ዓለም ትርፍ ቀን ስለሌለ እንዲህ ያለ ቀንም የለም።

ሳምንቱም እንደዚያው። 365ን ለ7 ስታካፍሉ 1 ይተርፋል፤ ቀኖቹ በየዓመቱ የሚንሸራተቱት ለዚህ ነው። መስከረም 1 ሐሙስ ከዋለ ሰኔ 1 ሰኞ ይውላል፤ 2018 ዓ.ም. እንዲያ ነው። «ሰኔና ሰኞ ገጠመብኝ» የሚባለውም ሁልጊዜ ስለማይገጥም ነው። በእኔ ካሌንደር ግን ወር ሁሉ በአንድ ቀን ይባታል። ሁሌ የሚገጥም ነገር ማንን ያስደነግጣል?

ሁለተኛው ስህተት አሳፍሮኛል። አንዷ ጨረቃ በ20 ቀን፣ ሌላዋ በ27 ቀን ትሞላለች ብዬ ነበር። ሁለቱ አብረው የሚሞሉበትን ሌሊት የመኸር በዓል አደረግሁት፤ በየዓመቱ ይከበራል ብዬም ጻፍኩ። ሒሳብ የሚያስተምር ጓደኛዬ ቡናው ሁለተኛ ሳይደርስ አፈረሰው። 20 እና 27 የሚገናኙት በ540 ቀን አንዴ ነው። ዓመቱ ደግሞ 400 ነው። ስለዚህ በዓሉ በየጊዜው 140 ቀን ይገፋል፤ ጭራሽ የማይውልበት ዓመትም አለ። ወደ መጀመሪያ ቦታው የሚመለሰው ከ27 ዓመት በኋላ ነው!

መጀመሪያ ቁጥሩን ልቀይረው አሰብኩ። ተውኩት። ለነገሩ እኛስ ከዚህ ጋር አይደል የምንኖረው? 12 የጨረቃ ወር 354 ቀን ገደማ ስለሆነ ረመዳን በየዓመቱ 11 ቀን ያህል እየቀደመ ወቅቱን ሁሉ ያዳርሳል። ባሕረ ሐሳብ የሚባለው የቤተ ክርስቲያን የበዓል ማስሊያ ደግሞ ፀሐይና ጨረቃን ለማስታረቅ የ19 ዓመት ዑደት፣ አበቅቴና መጥቅዕ የሚባሉ ቁጥሮች ያስፈልጉታል። እንዲያ ከሆነ የሚያሰላ ሰው ይኖራል ማለት ነው። በልቦለዴ አንድ ሽማግሌ አስገባሁ፤ በዓሉ መቼ እንደሚውል የሚያውቁት እሳቸው ብቻ ናቸው። በሦስተኛው ምዕራፍ ሞቱ። ታሪኩ ነፍስ የዘራው ያኔ ነው።

ሦስተኛውን ያገኘችው መንዝ ያለችው አክስቴ ናት። ስለ መኸሩ በዓል ሳነብላት አቋረጠችኝ። «አንተ ልጅ፣ ገብሱ የበልጉ ነው የመኸሩ?» አለችኝ። አፌን ያዝኩ። ለካ ለዓለሙ በሙሉ አንድ አጨዳ ነበር የሰጠሁት። ከጣርማበር ቁልቁል ወርዳችሁ ሸዋ ሮቢት ስትደርሱ ጃኬት ታወልቃላችሁ። ላይ ውርጭ ያስፈራል፣ ታች ማሽላና ማሾ ይዘራል። ወሩ አንድ ነው፣ ሥራው ግን ለየቅል። አንድ ካሌንደር ለደጋውም ለቆላውም እኩል አይናገርም።

ዕድሜንም አስቡ። በ400 ቀን ዓመት 15 ዓመት የሞላት ልጅ 6,000 ቀን ኖራለች፤ በእኛ 16 ዓመት ከአምስት ወር ገደማ መሆኑ ነው። ቀኑ በንጋት ነው ወይስ በእኩለ ሌሊት የሚጀምረው የሚለውንም ወስኑ። እኔ ሳልወስን ሁለት ገጸ ባሕርያት «በሁለት ሰዓት» ተቀጣጥረው ተላለፉ። ለወራቱ ምላስ የሚያስር ስም አታውጡ። ገበሬ በቀን መቶ ጊዜ የሚጠራው ስም ነው።

የመጨረሻው ስህተት ካሌንደሩ ትናንት የተሠራ መምሰሉ ነው። ሰው ቀንን በቁጥር ብቻ አይጠራም፤ «ለሚካኤል እከፍልሃለሁ» ይላል። በኅዳር 12 ደግሞ ቆሻሻ ሰብስቦ ያቃጥላል፤ ኅዳር ሲታጠን። ይህ በ1911 ዓ.ም. ሕዝብ የፈጀው የኅዳር በሽታ ትዝታ ነው። መቶ ዓመት አልፎም ጭሱ ይወጣል። በእኔ ካሌንደር 400 ቀን ሙሉ አንድም ሰው ያለቀሰበት ቀን አልነበረም።

አሁን እሳት የማይነድበት አንድ ቀን አስገብቻለሁ። ያን ቀን ድሮ ምን እንደደረሰ ገና አልጻፍኩም። ለአክስቴ ደውዬ ስነግራት ምክንያቱን አልጠየቀችኝም።

«ታዲያ ምን ይበላሉ?» አለች።

«በሶ» አልኳት።

«የበልጉን ገብስ ነዋ!»