ለህጻን መጫወቻ ምንጣፍ ሲመርጡ ሊያስወግዷቸው የሚገቡ ስህተቶች

ለህጻን የወለል ምንጣፍ ሊገዛ የወጣ ሰው መጀመሪያ የሚያደርገው በእጁ ጫን ጫን እያደረገ መሞከር ነው። እጁ ስምጥ ካለ «ይሄ ይመቸዋል» ብሎ ይወስናል። ትልቁ ስህተት እዚሁ ላይ ይጀምራል።

በጣም ለስላሳውን መምረጥ

ነቅቶ የሚጫወት ህጻን ምንጣፉ ላይ ሥራ አለበት። በሆዱ ሲተኛ በክርኑና በመዳፉ ወለሉን ገፍቶ ጭንቅላቱን ያነሳል። ውሎ አድሮ ደረቱንም ያነሳል፣ ይገለበጣል፣ ይድሃል። ለዚህ ሁሉ ጠንከር ያለ መደገፊያ ያስፈልገዋል። ወፍራም ስፖንጅ ላይ ግን ክንዱ ይሰምጣል፣ ትንሽ ይታገላል፣ ከዚያ ያለቅሳል። ወላጅም «በሆዱ መሆን አይወድም» ብሎ ይተወዋል። ያስቸገረው ግን ምንጣፉ ሊሆን ይችላል።

ከዚህ የባሰም አለ። አንገቱ ገና ያልጠና ህጻን ሲደክመው ፊቱን ወደ ታች ይጥላል። የሚሰምጥ ነገር ላይ ከሆነ አፍንጫና አፉ ሊታፈን ይችላል። ስለዚህ መዳፍዎን ጫን አድርገው ያንሱ። የእጅዎ ቅርጽ ታትሞ ከቀረ አይግዙት። በእኔ አስተያየት ከ1 እስከ 1.5 ሴንቲ ሜትር ውፍረት ያለው ጠንከር ያለ ፎም ለአብዛኛው ቤት ይበቃል።

ለመኝታም ይሆናል ማለት

የአሜሪካ የህጻናት ሐኪሞች አካዳሚ ጨቅላ ሕጻናት ነቅተው ሳለ፣ ሰው እያያቸው፣ በቀን ሁለት ሦስቴ ከ3 እስከ 5 ደቂቃ በሆዳቸው እንዲቆዩ ይመክራል። ጊዜው ቀስ በቀስ ይጨመራል። ምንጣፉ የሚያስፈልገው ለዚህ ነው። እንቅልፍ ከወሰደው ግን አንስተው ጠንካራና ለጥ ያለ ፍራሽ ባለው በራሱ አልጋ ላይ በጀርባው ያስተኙት።

ስለተሠራበት ነገር አለመጠየቅ

ርካሾቹ ተገጣጣሚ ምንጣፎች በብዛት የሚሠሩት ኢቫ ከሚባል ፎም ነው። በዚህ ፎም ውስጥ ፎርማማይድ የሚባል ኬሚካል ሊኖር ይችላል። እ.ኤ.አ. በ2010 መጨረሻ ላይ ቤልጂየምና ፈረንሳይ በዚሁ ሰበብ የእነዚህን ምንጣፎች ሽያጭ አግደው ነበር። በኋላ የአውሮፓ ኅብረት ከፎም መጫወቻዎች ወደ አየር ለሚወጣው ፎርማማይድ ገደብ አወጣ። ምንጣፉ ፒቪሲ ከሚባል ፕላስቲክ የተሠራ ከሆነ ደግሞ የሚያሳስበው ፍታሌት የሚባለው ፕላስቲክ ማለስለሻ ኬሚካል ነው። ማሸጊያው ላይ ስለሁለቱም የተጻፈ ነገር ካለ ያንብቡ። ሻጩንም ይጠይቁ፤ ማፈር የለም።

አዲስ ምንጣፍ እንደተገዛ ህጻኑ ስር አይነጠፍም። ማሸጊያውን አውልቀው አየር በሚገባበት ቦታ ለጥቂት ቀናት ይዘርጉት። ከዚያም በኋላ አፍንጫ የሚወጋ ሽታ ካለው ይመልሱት። ሽታ አለመኖሩ ብቻውን ግን ዋስትና አይሆንም።

የሚነቀሉ ቁርጥራጮችን ችላ ማለት

ፊደልና ቁጥር የሚገጠምባቸው ምንጣፎች ያምራሉ፤ ለሕጻን ግን አልመክርም። ፊደሉ ተነቅሎ ይወጣል፤ ከፊደሉ መሃል ደግሞ ሌላ ትንሽ ቁራጭ ይወጣል። ያቺ ናት አደገኛዋ። የሶፍት ጥቅልል መሃል ባለው ካርቶን ውስጥ የሚያልፍ ማንኛውም ነገር ህጻንን ሊያንቅ ይችላል። ጥርስ ማብቀል የጀመረ ልጅ ደግሞ የፎሙን ጠርዝ ጎርሶ ይቦጭቃል። ጠርዙን ቶሎ ቶሎ ይዩት፤ የተነከሰ ካለ ያንን ቁራጭ ያውጡት።

ዥንጉርጉሩን መውደድ

ይህን ብዙ ሰው ልብ አይለውም። ሥዕልና ቀለም የበዛበት ምንጣፍ ላይ የወደቀ ሳንቲም፣ የልብስ ቁልፍ ወይም ትንሽ ክብ ባትሪ አይታይም። ህጻኑ ግን መሬት ላይ ነው፤ ያገኘዋል፣ ወደ አፉም ይከተዋል። ክብ ባትሪ ደግሞ ከተዋጠ በ2 ሰዓት ውስጥ የጉሮሮን ቧንቧ ክፉኛ ሊያቃጥል ይችላል። ፈዘዝ ያለ አንድ ቀለም ያለው ምንጣፍ ይሻላል። ቆሻሻ ያሳያል ተብሎ የሚወቀሰውም ለዚሁ ነው፤ ማሳየቱ ግን ጥቅሙ ነው።

ጸጉራም ምንጣፍም እንዲሁ ነገር ይደብቃል። ክሩ ወይም የሰው ጸጉር የህጻን ጣት ላይ ተጠምጥሞ ደም ሊያግድ ይችላል። ያለ ምክንያት የሚያለቅስ ከመሰለዎት የእግሩን ጣቶች አንድ በአንድ ይዩ።

መጠኑን፣ ቦታውንና ጽዳቱን መርሳት

ዛሬ የተኛበት ቦታ ላይ የሚውል ህጻን ከጥቂት ወራት በኋላ እየተገለበጠ ከምንጣፉ ይወጣል። ስለዚህ ሰፋ ያለውን ይግዙ። የሚነጠፈው ወለል ላይ ብቻ ነው፤ አልጋና ሶፋ ላይ አይሆንም። ከሥሩ የማይንሸራተት ይሁን። ከኤሌክትሪክ ገመድና ከመጋረጃ ማሰሪያ ይራቅ።

ፈሳሽ በመጋጠሚያው ሰርጎ ከሥር ሻጋታ ያበቅላል። ላዩን መወልወል አይበቃም። አንስተው የታችኛውንም ያጽዱ፣ ወለሉም ምንጣፉም ሲደርቅ ይመልሱት።

ምንጣፉን ተማምኖ መሄድ

የትኛውም ምንጣፍ ልጅ አይጠብቅም። ለአንድ ደቂቃም ከክፍሉ መውጣት ካለብዎት ህጻኑን ይዘው ይውጡ። ስልኩ ሌላ ክፍል ሆኖ ከጮኸ ይጩህ፤ መልሰው ይደውላሉ።