ማክስ ሞዝሊን በዘጋቢ ፊልም ውስጥ እንዴት መከታተል ይቻላል?

የፎርሙላ ዋን ዘጋቢ ፊልም ሳይ ደብተርና እስክሪብቶ ከጎኔ አይጠፉም። የቤት ሰው ይስቅብኛል። ይሳቅ። ድሮ እንዲሁ አይና፣ በማግስቱ ከጓደኛዬ ጋር ስንከራከር ትዝ የሚለኝ ሙዚቃው ብቻ ነበር።

የመኪና እሽቅድምድሙ የቀድሞ አለቃ ማክስ ሞዝሊም ሆኑ ሌላ ሰው ሲታዩ፣ መጀመሪያ የምጽፈው ይህን ነው፦ ሰውዬው ለፊልሙ ብሎ ተቀምጦ ተናግሯል ወይስ ከድሮ ምስል ተቆርጦ የገባ ነው? እ.ኤ.አ. በ2010 የወጣውን፣ ስለ ብራዚላዊው አሽከርካሪ አይርተን ሴና የተሠራውን «ሴና»ን እንውሰድ። የምታዩት ከሞላ ጎደል የድሮ ምስል ነው። የያኔው የፊሳ (የመኪና እሽቅድምድሙን ይመራ የነበረው አካል) ፕሬዚዳንት ዣን ማሪ ባሌስትር አሽከርካሪዎቹ ፊት ሲቆጡ ጥርሴን ነክሼባቸዋለሁ። ኋላ ነው የነቃሁት። ባሌስትር ያረፉት በ2008 ነው። ፊልሙ ሲወጣ መልስ የሚሰጡበት አፍ የላቸውም።

በ1991 በምርጫ ያሸነፏቸው ሞዝሊ ግን ሌላ ናቸው። በ2013ቱ «ዋን፦ ላይፍ ኦን ዘ ሊሚት» ራሳቸው ካሜራ ፊት ተቀምጠው ያወራሉ። ከ1993 እስከ 2009 ኤፍ.አይ.ኤን (ዓለም አቀፉን የአውቶሞቢል ፌዴሬሽን) የመሩ፣ ከዚያ በፊት ጠበቃ የነበሩ ሰው ነበሩ፤ አንደበታቸው አይታማም። እዚህ ጋ ፖዝ አድርጉ። እኔ ደብተሩን ለሁለት እከፍላለሁ፦ በአንዱ ወገን «ያዩት»፣ በሌላው «የወሰኑት»። ስኮትላንዳዊው አሽከርካሪ ጂም ክላርክ ጀርመን ውስጥ ሆክንሃይም ላይ በሞተበት የ1968ቱ የፎርሙላ ቱ (ከፎርሙላ ዋን አንድ ደረጃ ዝቅ ያለው) ውድድር ሞዝሊ ራሳቸው ይነዱ ነበር። ይህ «ያዩት» ውስጥ ይገባል። በ1994 ጣሊያን ውስጥ ኢሞላ ላይ ቅዳሜ አሽከርካሪው ሮላንድ ራትዘንበርገር፣ እሑድ ሴና ከሞቱ በኋላ የተለወጡት ሕጎች ደግሞ «የወሰኑት» ናቸው። ምስክርና ባለሥልጣን በአንድ አፍ ሲናገሩ መለየቱ ያደክማል፤ ግን ዋናው ሥራ እሱ ነው።

ስለ ራሳቸው የተሠራውን «ሞዝሊ፦ ኢትስ ኮምፕሊኬትድ» መጨረሻ ላይ እዩት። አባታቸው ኦስዋልድ ሞዝሊ የብሪታንያ ፋሺስቶች መሪ ነበሩ። ይህን ፊልም ቀድማችሁ ካያችሁ ወይ ታዝኑላቸዋላችሁ ወይ ትጠሏቸዋላችሁ፤ ሌላውን ፊልም ሁሉ በዚያ መነጽር ነው የምታዩት። በ2008 የግል ሕይወታቸውን አደባባይ ያወጣባቸውን «ኒውስ ኦፍ ዘ ወርልድ» ጋዜጣን ከስሰው 60,000 ፓውንድ ካሳ የተፈረደላቸውን ጉዳይ ደግሞ ከፊልም ብቻ አትስሙ። ፍርዱ ለሕዝብ ክፍት ነው፤ ቁጭ ብላችሁ አንብቡት።

የከበደኝን ቦታ ድምፁን ዘግቼ እደግመዋለሁ። ሰውዬው ሲያወራ አዘጋጁ ምን ምስል እንደደረበበት ያኔ ቁልጭ ብሎ ይታያል።