ባንክ ላይ የከፈታችሁትን ክስ አንስታችሁ በሌላ መንገድ ለመሄድ ምን ማድረግ አለባችሁ

ታላቅ ወንድሜ ቤቱን አስይዞ የተበደረበትን ባንክ ከሶ ነበር፣ መሀል ላይ ባንኩ "ክሱን አንሳና ቁጭ ብለን እንነጋገር" ሲለው ችሎት ቆሞ "ክሴን ትቻለሁ" አለ፣ መዝገቡ ተዘጋ፣ ንግግሩ የትም አልደረሰም፣ በዛው ጉዳይ ድጋሚ ሲከስ ደግሞ "ፈቃድ ሳትጠይቅ ነው ያነሳኸው" ተባለ። እባካችሁ እናንተ እንዲህ እንዳትሆኑ።

የፍትሐ ብሔር ስነ ስርዓት ሕጉ ቁጥር 278 ላይ ነው ነገሩ ያለው። ከሳሽ ክሱን በፈለገ ሰዓት ማንሳት ይችላል፣ ግን ፍርድ ቤቱ እንደገና እንዲከስ ካልፈቀደለት በዛው ጉዳይ ተመልሶ መክሰስ አይችልም፣ ወጪና ኪሳራም ሊጣልበት ይችላል።

ስለዚህ መጀመሪያ እግድ አላችሁ ወይ? የቤታችሁን የሐራጅ ሽያጭ ያቆመላችሁ የፍርድ ቤት እግድ ካለ ክሱ ሲነሳ እሱም አብሮ ይነሳል። ባንክ በአዋጅ 97/1990 መሰረት ቢያንስ የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ ያለ ፍርድ ቤት መያዣውን በሐራጅ መሸጥ ይችላል፣ ማስጠንቀቂያው ቀድሞ ከደረሳችሁ ቀኑን ቁጠሩ። ብድሩን እናራዝማለን ካሏችሁ ደብዳቤው ማህተም ተመቶ እጃችሁ ሳይገባ ምንም አትፈርሙ። እንደውም በትክክል ከተስማማችሁ ክሱን ከማንሳት ስምምነቱን በዕርቅ መልክ ፍርድ ቤት ማስመዝገብ በጣም ይሻላል፣ ባንኩ ቃሉን ቢያጥፍ በአፈጻጸም፣ ማለትም ፍርድ ቤቱ በግድ እንዲያስፈጽምላችሁ በማመልከት፣ ትሄዱበታላችሁ።

ከዛ ማመልከቻ ነው፣ ግማሽ ገጽ ይበቃል። የመዝገብ ቁጥሩን፣ ችሎቱን፣ የተከራካሪዎቹን ስም ጽፋችሁ ምክንያታችሁን አስቀምጡ (ክሱ የፎርም፣ ማለትም የአቀራረብ፣ ጉድለት አለበት ወይም ሌላ በቂ ምክንያት)፣ መጨረሻ ላይ ይቺን አትርሱ፦ "በቁጥር 278 መሰረት አዲስ ክስ የማቅረብ መብቴ ተጠብቆ ክሱን እንዳነሳ ይፈቀድልኝ።" ጠበቃ ካላችሁ ውክልናው ላይ ክስ ማንሳት መኖሩን እዩ፣ ከባለቤታችሁ ጋር አብራችሁ ከሳችሁ ከሆነ ደግሞ የሁለታችሁም ስምምነት ያስፈልጋል።

ትእዛዙ ሲሰጥ ዝም ብላችሁ አትውጡ፣ ግልባጩን አውጥታችሁ እዛው ሬጅስትራር በር ላይ አንብቡት፣ "መብቱ ተጠብቆ" የሚለው ከሌለ ያኔውኑ ጠይቁ። ይርጋውንም፣ ማለትም ክስ የማቅረቢያ የጊዜ ገደቡን፣ አስቡ፣ የተነሳው ክስ ጊዜ አቆመልኝ ብላችሁ አትዘናጉ።

ከዛ በኋላ መንገዱ እንደ ጉዳያችሁ ነው። የሒሳብ ወይም የወለድ ስህተት ከሆነ መጀመሪያ ለባንኩ ቅሬታ ክፍል በጽሁፍ፣ መልስ ካጣችሁ ለብሔራዊ ባንክ። ውሉ ላይ የግልግል ዳኝነት (ከፍርድ ቤት ውጪ በተመረጠ ዳኛ መዳኘት) ካለ በአዋጅ 1237/2013 ትሄዳላችሁ። ቤቱ የሐራጅ ስነ ስርዓቱ ተጥሶ ተሽጦ ከሆነ ደግሞ ባንኩን የደረሰባችሁን ጉዳት ካሳ መጠየቅ ነው። የትም ብትሄዱ የምታስገቡትን ደብዳቤ ኮፒ ይዛችሁ ሂዱ፣ ኮፒው ላይ ገቢ ቁጥርና ቀን ሳይጻፍበት ከመስኮቱ አትነሱ።